ስቴክ በካስት አይረን መጥበሻ፦ ለጥያቄዎቻችሁ መልስ

ባለፈው ሳምንት ስቴክን ቤት ውስጥ ካስት አይረን በሚባለው ከባድ የብረት መጥበሻ ስለመጥበስ የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ከአዲስ አበባም፣ አሜሪካ ካለችው ሲልቨር ስፕሪንግም፣ ከዱባይም ጥያቄ መጣ። ተመሳሳዮቹን አንድ ላይ አድርጌያለሁ። ሬስቶራንት ውስጥ የምሰራው ይህንኑ ስለሆነ ደስ እያለኝ ነው የምመልሰው። አብዛኛው ችግራችሁ የሚፈጠረው ስጋው መጥበሻውን ሳይነካ በፊት ነው። እዚያ ላይ ረዘም እላለሁ።

ጥያቄ፦ ሼፍ፣ ስጋውን ሳስቀምጠው ውሃ ያወጣና ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም። ለምን?

መልስ፦ ወይ ስጋው እርጥብ ነው፣ ወይ መጥበሻው አልጋለም። ብዙ ጊዜ ሁለቱም ነው። ላዩ ላይ ውሃ እስካለ ድረስ የስጋው ገጽ ውሃ ከሚፈላበት ሙቀት ብዙም አያልፍም። የምንወደው ቡናማ ቅርፊትና ሽታ ግን በደንብ የሚመጣው ከ140 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ነው። ይህን ለውጥ በ1912 እ.ኤ.አ. የገለጸው ፈረንሳዊው ሉዊ ካሚ ማያር ነው፤ ዛሬም በስሙ ይጠራል። ቡና ስንቆላ ከሚሆነው ነገር አንዱ ይኸው ነው።

ስለዚህ ስጋውን በሶፍት ጫን ጫን እያደረጋችሁ አድርቁት። ጎኑንም አትርሱ። ሶፍቱ እርጥበት መያዙን እስኪያቆም ቀይሩት። ከዚያ መጥበሻው። ካስት አይረን ሙቀት ቶሎ አያስተላልፍም፤ ከአልሙኒየም ብዙ ይዘገያል። አንዴ ከጋለ ግን ክብደቱ ሙቀቱን ይይዝለታል፤ ቀዝቃዛ ስጋ ሲያርፍበትም ቶሎ አይበርድም። መካከለኛ እሳት ላይ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ባዶውን ይቆይ። አንዳንዴ አዙሩት፤ እሳቱ የሚነካው ቦታ ብቻ ሊግል ይችላል። ጥቂት ዘይት ጣል አድርጉና ስስ ጭስ ሲጀምር ስጋውን አስገቡ። ድምፁ ወዲያው ካልመጣ አውጡትና መጥበሻውን ጠብቁ። አራት ቁራጭም በአንዴ አትደርድሩ፤ ሁለት ይበቃል።

ጥያቄ፦ ጨው መቼ ይነስነስ? ቀድሞ ከገባ ስጋውን ያደርቀዋል ይባላል።

መልስ፦ ወይ መጥበሻው ላይ ልታስቀምጡት ስትሉ፣ ወይ ቢያንስ ከ40 ደቂቃ በፊት። መሃል ላይ ያለው ጊዜ ነው መጥፎው። ጨው መጀመሪያ ውሃ ወደ ላይ ይስባል፤ 15 ደቂቃ ላይ ብታዩት ስጋው ላይ ጠብታዎች ተሰልፈዋል። ታገሱት። ያ ውሃ ጨውን ያሟሟና ተመልሶ ወደ ውስጥ ይገባል። እኔ የምመርጠው ከዋዜማው ጨው አድርጎ ሳይከድኑ ፍሪጅ ውስጥ ማሳደር ነው። በማግስቱ ላዩ ደርቆ ታገኙታላችሁ፤ ቅርፊት የሚፈልገው ይህንን ነው። ለአንድ ኪሎ ስጋ 10 ግራም ገደማ ጨው ጥሩ መነሻ ነው።

በርበሬና ሚጥሚጣ ግን በዚያ እሳት ያርራሉ፤ ይመራሉም። ከተጠበሰ በኋላ ሳህን ላይ ይቅረቡ።

ጥያቄ፦ አዲስ አበባ ነኝ። ከሉካንዳ የዕለቱን ስጋ ገዝቼ ስቴክ ስሰራ ማኘክ ያቅተናል። መጥበሻው ነው ችግሩ?

መልስ፦ እህቴ፣ መጥበሻሽ ምንም አላጠፋም። ይህ በጣም የምወደው ጥያቄ ነው። ለቁርጥ የምንፈልገው የዕለቱን ትኩስ ስጋ ነው። ለስቴክ ግን ትኩስነት ጥቅም አይደለም። ከብቱ ከታረደ በኋላ ጡንቻው ይኮማተርና ይደርቃል። ከዚያ ስጋው ውስጥ ያሉ ኢንዛይሞች ቀስ በቀስ ያላሉታል። ስለዚህ ስቴክ ቤቶች ስጋውን ከ0 እስከ 4 ዲግሪ ባለው ቅዝቃዜ ለሳምንታት ያቆዩታል። አሜሪካ ከሱፐርማርኬት የምንገዛውም ቢሆን እኛ እጅ እስኪገባ ቀናት አልፈውታል።

ቤት ውስጥ ሳምንታት ማቆየትን አልመክርም። ሙሉውን ቁራጭ ግን ፍሪጁ በጣም በሚቀዘቅዝበት ቦታ ሁለት ሦስት ቀን ብታሳድሪው ለውጡን ታይዋለሽ። መብራት ከአራት ሰዓት በላይ ከጠፋና ፍሪጁ ከሞቀ ግን ለዚህ አታቆይው።

የምትገዢው ክፍልም ወሳኝ ነው። ፊሌቶ ወይም ከሽንጥ በኩል ያለውን ጠይቂ። ወርችና ፍሪንባ ለቅቅል ይሁኑ። ስጋ ቆራጩ ለጥብስ እንደለመደው ከመክተፉ በፊት «ክሩን አቋርጠህ፣ ሦስት አራት ሴንቲሜትር አወፍረህ» በይው። ጣትሽን አስጠግተሽ ውፍረቱን አሳይው። ስስ ስጋ ቅርፊት እስኪይዝ ውስጡ አልፎ ይበስላል። ሳር በልቶ ያደገ የሀገራችን ከብት በስጋው መሃል የተሰራጨ ስብ እምብዛም ስለሌለው እሳት ሲበዛበት ቶሎ ይደርቃል።

ጥያቄ፦ በእያንዳንዱ ጎን ስንት ደቂቃ?

መልስ፦ ደቂቃ አትቁጠሩ፤ ቴርሞሜትር ግዙ። ውፍረቱ፣ የስጋው ቅዝቃዜና ምድጃው ሁሉ ደቂቃውን ይለውጡታል። ቴርሞሜትሩን በጎን በኩል ወደ መሃሉ አስገቡት። መሃሉ ሮዝ ሆኖ ጭማቂ የሚይዘው ሚዲየም ሬር ከ54 እስከ 57 ዲግሪ ነው፤ ሚዲየም ከ60 እስከ 63፤ ከ70 በላይ ሙሉ በሙሉ የበሰለ ነው። ከእሳት ከወጣም በኋላ ሦስት አራት ዲግሪ ይጨምራል፤ ቀደም ብላችሁ አውጡት። አንዴ ብቻ ይገልበጥ የሚባለውንም ተዉት። በየደቂቃው ብትገለብጡት ውስጡ በእኩል ይበስላል፤ ቅርፊቱም አይቀርም።

እዚህ ላይ በጥብቅ የምለው አለኝ። የአሜሪካ ግብርና መሥሪያ ቤት ላልተፈጨ የበሬ ስጋ የሚመክረው 63 ዲግሪ ወይም 145 ፋራናይት ደርሶ ሦስት ደቂቃ እንዲያርፍ ነው። የኮሶ ትል ከበሬ ስጋ እንደሚመጣ ሁላችንም እናውቃለን። አገር ቤት ሆናችሁ ስትጠብሱ 63ን ያዙ። ለልጆችና ለነፍሰ ጡር ደግሞ በደንብ ይብሰል።

ጥያቄ፦ የአዲስ አበባ ከፍታ ለውጥ ያመጣል?

መልስ፦ ለመጥበሻው አያመጣም። ለቴርሞሜትሩ ግን ያመጣል። ትክክል መሆኑን በፈላ ውሃ የምትፈትኑ ሰዎች 92 ገደማ ስታዩ ተበላሽቷል ብላችሁ እንዳትጥሉት። እዚያ ከፍታ ላይ ውሃ የሚፈላው በዚያ ሙቀት ነው። በረዶ በሞላበት ውሃ ፈትኑት፤ የትም ቢሆን 0 ማሳየት አለበት።

ጥያቄ፦ ሳህኑ ላይ የሚፈሰው ቀይ ነገር ደም ነው?

መልስ፦ አይደለም። ደሙ በእርድ ጊዜ ወጥቷል። የምታዩት ውሃና ማዮግሎቢን የሚባል የጡንቻ ፕሮቲን ነው። ከአምስት እስከ አስር ደቂቃ አሳርፋችሁ ብትቆርጡት ይቀንሳል።

ጥያቄ፦ በንጥር ቅቤ መጥበስ ይቻላል?

መልስ፦ ይቻላል፤ እንዲያውም ግሩም ነው። መጨረሻ ላይ ግን ይግባ። ንጥር ቅቤ ካልተነጠረው የተሻለ እሳት ቢችልም በደንብ ካልተጠለለ የቅመሙ ርዝራዥ ያርራል። በዘይት ጀምሩ። ቅርፊቱ ሲይዝ እሳቱን ቀንሱ፤ አንድ ማንኪያ ቅቤ፣ ከነልጣጩ ደቆስ የተደረገ ነጭ ሽንኩርትና አንድ ዘለላ የጥብስ ቅጠል ጨምሩ። ቅጠሉ ይንጣጣል፤ ፊታችሁን ራቅ አድርጉ። እጀታውን በጨርቅ ይዛችሁ መጥበሻውን ወደራሳችሁ ዘንበል አድርጉት። ቅቤው ሲጠራቀም በማንኪያ እየጨለፋችሁ ስጋው ላይ አፍስሱ፤ አንድ ደቂቃ በቂ ነው። የኮረሪማውና የኮሰረቱ ሽታ ከተጠበሰው ስጋ ጋር ሲገናኝ ሌላ ቅቤ አያምራችሁም።

ጥያቄ፦ ሲልቨር ስፕሪንግ አፓርትመንት ነው የምኖረው። በጠበስኩ ቁጥር የጭስ ማንቂያው ይጮህብኛል።

መልስ፦ ዘይቱን መጥበሻው ላይ ከማፍሰስ ስጋውን ራሱን ስስ አድርገህ ቅባው። ወፍራም ስጋ ከሆነ ደግሞ ከኦቨን ጀምር። በ120 ዲግሪ መሃሉ 48 ገደማ እስኪደርስ ይቆይ። ከዚያ በጋለ መጥበሻ በእያንዳንዱ ጎን አንድ ደቂቃ። እሳቱ ላይ የሚቆየው ለአጭር ጊዜ ስለሆነ ጭሱ ይቀንሳል፤ ውስጡም ዳር እስከ ዳር አንድ ዓይነት ይሆናል። ከዚያ እንደ አበሳሰል ምርጫህ ቴርሞሜትሩን እያየህ ጨርሰው።

ጥያቄ፦ ዱባይ ያለኝ ምድጃ መስታወት ነው። ይሰነጠቅ ይሆን?

መልስ፦ መጥበሻውን አንስተሽ አስቀምጪው፤ መስታወቱ ላይ አትጎትቺው። በዝቅተኛ እሳት ጀምረሽ ከፍ አድርጊ።

ጥያቄ፦ በሳሙና ይታጠባል? በዚሁ መጥበሻስ የጾም ምግብ መስራት እችላለሁ?

መልስ፦ ጥቂት የእቃ ማጠቢያ ሳሙና አይጎዳውም። ጥቁሩ ሽፋን በሙቀት ብረቱ ላይ የጠነከረ ዘይት ነው፤ ቶሎ አይለቅም። የሚጎዳው ውሃ ውስጥ ማሳደርና የቲማቲም ወጥ ለረጅም ሰዓት ማንተክተክ ነው። ታጥቦ እሳት ላይ ይድረቅ፤ ከዚያ ዘይት በጨርቅ ቀብታችሁ እስኪደርቅ መልሳችሁ ጥረጉት።

የጾሙን ነገር ብዙ ሰው ጠይቋል። ሽፋኑ የስጋውን ስብና ሽታ ይይዛል፤ ሽሮ ብትሰሩበት ይታወቃችኋል። እኔ ለጾም ሌላ መጥበሻ አለኝ፤ በአትክልት ዘይት ብቻ የተሟሸ። ትንሿ፣ 20 ሴንቲሜትሯ፣ ውድ አይደለችም፤ ለእንጉዳይና ለድንች ትበቃለች።