ጊዜን የሚያመልክ ሕዝብ በልብ ወለድ ብጽፍ ኃጢአት ይሆንብኛልን?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ይባርኩኝ። በምናብ ስለተፈጠረ ዓለም ልብ ወለድ እየጻፍሁ ነው። የዚያ ዓለም ሰዎች የሚያመልኩት አምላክ ጊዜ ነው። ካህናቱ ከሕዝቡ ዕድሜ ላይ ቀናት እየቀነሱ መሥዋዕት ያቀርቡለታል፤ እርሱም ሲደሰት ያለፈውን ቀን ይመልስላቸዋል። ጓደኛዬ «ጣዖት እየፈጠርህ ነው፣ ንስሐ ግባ» አለኝ። ለእኔ ኃጢአቱ አልታየኝም፤ እንዲያውም አንዱ ገጸ ባሕርይ «ከጊዜ በላይ ማንም የለም» ሲል እውነት መስሎኛል። ምን ይመክሩኛል?

መልስ፦ እግዚአብሔር ይባርክህ ልጄ። አምልኮ ጣዖት ምን እንደሆነ ስለምታውቅ እርሱን አልደግምልህም። ስለ ድርሰቱ ግን ጓደኛህ ከሚገባው በላይ ፈርቷል። የጌዴዎን ልጅ ኢዮአታም በገሪዛን ተራራ ራስ ላይ ቆሞ ዛፎች ንጉሥ ሊያነግሡ እንደወጡ፣ ወይራውና በለሱ ወይኑም እንቢ ሲሉ እሾሁ እሺ እንዳለ ለሴኬም ሰዎች ሲናገር (መሳ. 9፥7-15) ዛፍ አይናገርም ብሎ ሐሰተኛ ያደረገው የለም፤ ወንድሞቹን ገድሎ የነገሠውን የአቤሜሌክን ግፍ የገለጠበት ምሳሌ ነበርና። ስለዚህ የሐሰት አምላክ በድርሰትህ ውስጥ መኖሩ ብቻውን አያስኰንንህም። እኔን ያሳሰበኝ በጥያቄህ መጨረሻ ላይ ያከልኸው ቃል ነው።

አንተ በምናብህ ያሰብኸውን በጥንታዊት ፋርስ በእውነት ያመኑበት ነበሩ። ዙርቫን የሚሉት የጊዜ አምላክ ልጅ ለማግኘት ሺህ ዓመት መሥዋዕት ሲያቀርብ ኖሮ፣ በመጨረሻ «ይህ ሁሉ ይጠቅመኝ ይሆን?» ብሎ ተጠራጠረ፤ ከመሥዋዕቱ የብርሃኑ ጌታ፣ ከጥርጣሬው ደግሞ የክፋቱ ጌታ ተወለደ ይሉ ነበር። በእምነት እኅታችን በሆነችው በአርመን ቤተ ክርስቲያን በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነበረው ሊቁ ኤዝኒክ ይህን ስሕተት ነቅፎ ጽፏል። አንተም አንዲት ነገር ጠይቅ፦ ዙርቫን ያን ሁሉ ዘመን ሲሠዋ የኖረው ለማን ነው? የሚሠዋ ሁሉ ከእርሱ የሚበልጥ እንዳለ በሥራው መስክሯል፤ ሊሆን ያለውን የማያውቅና የሚጠራጠርም አምላክ ሊሆን አይችልም። ደግሞም ጊዜ ባለበት ሁሉ መለወጥ አለ፤ መለወጥ የፍጡር ጠባይ ነው። በመጀመሪያ ሰማይንና ምድርን የፈጠረው፣ ብርሃናትንም ለዘመናትና ለዕለታት ምልክት ያደረገው (ዘፍ. 1፥14) እርሱ ከዘመን በፊት የነበረ ነው።

ነገሩ የቃላት ክርክር እንዳይመስልህ። ወልድን ፍጡር ነው ያለው መናፍቁ አርዮስ ስለ ወልድ «ያልነበረበት ጊዜ ነበረ» ሲል፣ ሳይታወቀው ጊዜን ከወልድ በላይ አስቀምጦታል። በ325 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በኒቅያ የተሰበሰቡት 318ቱ አባቶች ይህችን ቃል ለይተው አወገዟት፤ እኛም በጸሎተ ሃይማኖት «ዓለም ሳይፈጠር ከእርሱ ጋር የነበረ» የምንለው ለዚህ ነው። ገጸ ባሕርይህ ይህን ክህደት ይናገር ዘንድ ልትጽፍ ትችላለህ፤ አንተ ግን በእሑድ ቅዳሴ የምትመሰክረውን በሌሊት ብዕርህ አታፍርሰው።

ከዚህ በላይ የማዝንበት ግን ልብ ወለድ ያልጻፉ፣ ጾሙንም ጸሎቱንም የሚያውቁ ምእመናን ጊዜን አምላክ አድርገው ሲኖሩ ማየቴ ነው። «ጊዜ ይፈታዋል»፣ «ቀን ጣለኝ» ማለት በንግግር ደረጃ ምንም አይደለም። ነገር ግን በውርስ መሬት የተጣሉ ወንድማማቾች ሽማግሌ ሲላክባቸው «ጊዜ ያበርደዋል» ብለው ይመልሱና ከቅዱስ ቁርባን ርቀው ይቀመጣሉ፤ ጊዜም ሳያበርደው ጠቡን ለልጆቻቸው ያወርሱታል። ጌታ «አስቀድመህ ከወንድምህ ጋር ታረቅ» ያለው (ማቴ. 5፥24) ሥራውን ለእኛ ሲሰጥ ነው፤ ለዘመን አልሰጠውም።

የሠርግ ቀን ጉዳይም እንዲሁ ነው። ሽምግልናው አልቆ የጥሪ ካርድ ሊታተም ሲል እናት የሙሽሮቹን ስም ከነእናቶቻቸው ስም በቁራጭ ወረቀት ጽፋ «መምህር፣ ቀኑ ይስማማቸው እንደሆነ ይዩልን» ትላለች። ፊደሉ ተቆጥሮ ለ12 ተገድፎ ኮከባቸው እንዲወጣላት ነው። ይህን አላደርግም፤ የሚያደርግም ካህን ቢኖር ለነፍሱ ይፍራ። ኢሳይያስ ዕድል ለሚባል ጣዖት ማዕድ የሚያዘጋጁትን፣ ዕጣ ለሚባልም ወይን የሚቀዱትን የገሠጸው (ኢሳ. 65፥11) እግዚአብሔርን እናመልካለን ይሉ የነበሩትን ሕዝብ ነው።

አንዳንዶች «እናንተስ በባሕረ ሐሳብ፣ በቤተ ክርስቲያን የዘመን መቁጠሪያ፣ ዘመን ትቆጥሩ የለምን?» ይሉኛል። እንቆጥራለን፤ መስከረም 1 ቀን በቤተ ክርስቲያን የዓመቱ ወንጌላዊ፣ አጽዋማቱና በዓላቱ የሚወጡባቸው ቁጥሮችም፣ ወንበሩ፣ አበቅቴውና መጥቅዑ፣ ሲነገሩ ሰምተሃል። በ5500 ላይ ዓመተ ምሕረቱን ደምረን ለ4 ስናካፍል ከሚተርፈው ወንጌላዊው፣ ለ19 ስናካፍል ከሚተርፈው አንድ ቀንሰን ወንበሩ የሚገኝበት ይህ ስሌት ጾመ ነነዌ ከሰኞ፣ ስቅለት ከዓርብ፣ ትንሣኤ ከእሑድ እንዳይወጡ ይጠብቃል። ስለ ማንም ሰው ዕድል አንዲት ቃል አይናገርም። በዓሉን ለማግኘት ቀንን የሚቆጥርና ቀንን ፈርቶ የሚቆጥር አንድ አይደሉም።

ወደ ድርሰትህ ልመለስና፣ ያለፈ ቀን በመሥዋዕት የሚመለስበትን ክፍል በተለይ አስብበት። የብዙ ሰው ጩኸት በዚያ ውስጥ አለና። በስካርና በጥላቻ ያለፈ ወጣትነቱን የሚያለቅስ ሰው ያንን ዘመን የሚመልስለት ቢያገኝ ያለውን ሁሉ ይሰጥ ነበር። እግዚአብሔር በነቢዩ ኢዩኤል አንበጣ የበላውን ዓመታት እመልስላችኋለሁ ብሏል (ኢዩ. 2፥25)፤ ይህንንም የተናገረው በጾምና በልቅሶ ወደ እኔ ተመለሱ ካለ በኋላ ነው። የሰውን ዕድሜ አልጠየቀም፤ ልባችሁን ቅደዱ ነው ያለው። የአንተ አምላክ ለአንዱ ቀን ሲመልስ ከሌላው ይቀማል፤ እንዲህ ያለው ጌታ ምን ያህል ጨካኝ እንደሆነ በድርሰትህ ውስጥ ቢያንስ አንድ ሰው ይየው፣ ካህናቱንም ይጠይቃቸው።

መጽሐፉን ጻፍ፤ ጓደኛህንም አትቀየመው፣ ስለ አንተ አስቦ ነው። «እውነት መስሎኛል» ያልኸውን ግን ለንስሐ አባትህ ሳትደብቅ ንገራቸው፤ ከመታተሙም በፊት ያንን ምዕራፍ ቢያነቡልህ መልካም ነው።