የሱቁ ቤት የማን ነው?

ሰሞኑን የደረሱኝ ጥያቄዎች አብዛኞቹ ስለ ንግድ ቤት ናቸው። ከዚሁ ከጅማ ሰፈሮች፦ ከመርካቶ፣ ከሂርማታ፣ ከፈረንጅ አራዳ። ጅማ ዩኒቨርሲቲ አካውንቲንግ የምትማር አንዲት ልጅም አለችበት። ከእሷ ልጀምር።

«የአሜሪካ ትልልቅ የችርቻሮ ድርጅቶች በዓመታዊ ሪፖርታቸው ስንት ሱቅ የራሳቸው፣ ስንቱ የኪራይ እንደሆነ ያወጣሉ። ለማን ብለው ነው?»

ድርጅቱ ውስጥ ገንዘቡን ላስገባው ሰው ነዋ። የራሱ ቤት ያለውን ድርጅት ገበያ ቢቀዘቅዝም ኪራይ የሚጠይቀው የለም። ቤቱን አስይዞ መበደርም ይችላል። የተከራየው ደግሞ ሰፈሩ ካላዋጣው ውሉ ሲያልቅ ዕቃውን ጭኖ ይሄዳል። ዋልማርት አሜሪካ ውስጥ ካሉት ሱቆቹ የሚበዙት የራሱ ናቸው። ታርጌት የሚባለውን የሌላውን ቸርቻሪ ሪፖርት ሠንጠረዥ ግን ልብ ብለሽ እዪው። ሦስት ረድፍ አለው፦ የራሱ፣ የኪራይ፣ ከዚያ ደግሞ «ሕንፃው የራሱ፣ መሬቱ የኪራይ»። እዚያ ይህ ሦስተኛው ረድፍ ጥቂት ነው። እዚህ ጅማ ቢሆን ከተማው በሙሉ እዚያ ይገባ ነበር። ከ1967 ዓ.ም. ጀምሮ የከተማ መሬት በግል አይያዝም፤ የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል። አምስት ፎቅ ያቆመ ሰውም ባለቤትነቱ የሕንፃው ነው።

ቃሉም ያምታታል። ፈረንጅ «ሊዝ» ሲል ኪራይ ማለቱ ነው። እኛ ሊዝ የምንለው ከመንግሥት በጨረታ ወይም በምደባ የምንወስደውን ቦታ ነው። ፈተና ላይ እንዳትደባልቂው።

«ለንግድ ቤት ቦታ በሊዝ ልወስድ ነው። ለስንት ዓመት ነው?»

የ2004ቱ አዋጅ ቁጥር 721 ለንግድ አዲስ አበባ ላይ 60፣ ሌሎች ከተሞች ላይ 70 ዓመት አስቀምጧል። የእርስዎ ትክክለኛ ዘመን ግን የሚፈርሙት ውል ላይ ያለው ነው።

«ሕንፃው ተሸጠ። አዲሱ ባለቤት በሁለት ወር ውጡ አለን። ዘጠኝ ዓመት ነግደንበታል።»

ውሉን ፎቶ አንስተው ልከውልኛል። አንድ ገጽ ነው፣ ጥጉ ላይ የቡና ሲኒ ክብ እድፍ አለበት። የኪራይ ዘመን የሚለው ፊት ለፊት በእስክሪብቶ «እስከተስማማን ድረስ» ተብሏል። ወንድሜ፣ ጉዱ ያለው እዚህች መስመር ላይ ነው። ዘጠኝ ዓመት መነገድ ማለት የዘጠኝ ዓመት ውል አለኝ ማለት አይደለም። በፍትሐ ብሔር ሕጋችን ደግሞ ከ5 ዓመት በላይ የሆነ የቤት ኪራይ ውል ካልተመዘገበ ቤቱን በገዛው ሰው ላይ መከራከሪያ አይሆንም። ትልልቆቹ ድርጅቶች አሥርና ሃያ ዓመት የሚፈርሙት፣ «ሲያልቅ የማደስ መብት አለኝ» የሚል አንቀጽ የሚያስገቡትም ለእንዲህ ያለው ቀን ነው። አሁን ውሉን፣ የከፈሉበትን ደረሰኝና የማስጠንቀቂያውን ደብዳቤ ይዘው በዚህ ሳምንት ጠበቃ ያነጋግሩ። ለቁልፍ፣ ማለትም ቤቱን ለመረከብ ከኪራዩ ውጭ የከፈሉትም ካለ ሰነዱን ይፈልጉ። እኔ ራሴ አንድ ጊዜ የቁልፍ ብዬ ከፍዬ ደረሰኝ መጠየቅ አፍሬ ነበር። ብሩም እንደወጣ ቀረ።

«ሲርስ የሚባለው የአሜሪካ ድርጅት ሱቆቹን ሸጦ መልሶ ተከራየ ሲባል ሰማሁ። እብደት አይደለም?»

ላሚቱን ሸጦ ወተቷን መግዛት ይመስላል፣ አይደል? እ.ኤ.አ. በ2015 ሲርስ 235 የሚሆኑ ይዞታዎችን ሴሪቴጅ ለሚባል ኩባንያ አስተላልፎ 2.7 ቢሊዮን ዶላር አገኘ፤ አብዛኞቹን መልሶ ተከራየ። ነገሩ በራሱ እብደት አይደለም፣ ብዙዎች ያደርጉታል። ገንዘቡ ንግዱን ካነቃው ያዋጣል። ሲርስን ግን ሸማቹ ሸሽቶት ነበር። በራሱ ቤት ላይ ኪራይ ተጨመረበት፣ በጥቅምት 2018 እ.ኤ.አ. ኪሳራ አወጀ።

«ትንሽ ሱቅ ነች ያለችኝ። ልግዛ ወይስ ልከራይ?»

የሂርማታዋ እናቴ፣ ቤቱን ገዝተው ዕቃ ማስገቢያ የሚጠፋ ከሆነ ይከራዩ። መግዛቱን ከቆረጡ ግን ካርታውን ሳያዩ ቀብድ አይስጡ። የሊዝ ይዞታ ከሆነ ስንት ዓመት እንደቀረውና ያልተከፈለ የሊዝ ክፍያ እንዳለበት ከማዘጋጃ ቤት ያጣሩ። ሻጩ «ከፍዬ ጨርሻለሁ» ቢልዎት ደረሰኙን ያሳየኝ ይበሉት።