ሚላን ልሂድበት?

ጤና ይስጥልኝ እትዬ። የምጽፍልዎ ከሮም ነው። ትዕግሥቴ አልቋል። ጓደኛዬ ሥራ ብሎ ሚላን ከመግባቱ በፊት የሉኪኖ ቪስኮንቲን «ሴንሶ» አብረን አየን፣ የ1954ቱን የጣሊያን ፊልም። ዘመኑ በአውሮፓ አቆጣጠር 1866 ነው። ቬኒስ በኦስትሪያ እጅ ናት። ባለትዳሯ ኮንቴሳ ሊቪያ የጠላት መኮንን ትወዳለች። ገንዘቧን በልቶ ያዋርዳታል፤ ታጋልጠዋለች፤ ይረሸናል። እኔ ሳለቅስ እሱ ሳቀ! «ቂል ሴትዮ» አለ። እስካሁን ያንገበግበኛል። አሁን ስደውል «መልሼ እደውላለሁ» ይላል፤ አይደውልም። ለቤት ኪራይ ቀብድ ብሎ ከወሰደው 3,000 ዩሮም (የእቁብ ነው፣ እኔ ጋ ስለሚቀመጥ) ሳንቲም አልመለሰም። ግን እንደ ሳቁ አላናደደኝም። ለእንባዬ የማይራራ ሰው ይወደኛል? ሳልነግረው ሚላን ልሂድበት?

እህቴ፣ ሳቁን ተዪው። እኔም መኮንኑን ፍራንዝን የሚጫወተው ፋርሊ ግሬንጀር ያንን ነጭ ካባ ለብሶ ሲንጎራደድ ስቄያለሁ።

ያስደነገጠኝ በቅንፍ ያለፍሽው ነው። «ገንዘቧን በልቶ» አልሽ። የማንን ገንዘብ? የአጎቷ ልጅ ኡሶኒ ለአርበኞቹ የተዋጣውን አደራ አስቀምጦባት ነበር። ፍራንዝ በዚያ ገንዘብ ሐኪም በጉቦ ገዝቶ ከጦርነቱ ቀረ። ኡሶኒ ግን ዘመተ። ኩስቶዛ ላይ ጣሊያኖቹ ተሸነፉ። ፊልሙን ያየ ሁሉ ለሊቪያ ያለቅሳል፤ ለኡሶኒ ያለቀሰ ሰው እስካሁን አልገጠመኝም። አንቺም አላለቀስሽም።

እቁብተኞችሽን አውቃቸዋለሁ ማለት ይቻላል። የሰው ሽማግሌ ሲያጥቡ፣ የሰው ደረጃ ሲወለውሉ የሚውሉ ናቸው። እንዴት አስቻለሽ?

ሚላን አትሄጂም። ሊቪያም ሳትጠራ ቬሮና ሄዳ ነው ሰክሮ፣ ከሌላ ሴት ጋር ያገኘችው። የሰደባት ያኔ ነው። ተናዳ የጻፈላትን ደብዳቤ ለጄኔራሉ ሰጠች። ከዚያ በሌሊት ስሙን እየጠራች ስትጮኽ ቀረች። አደራው ግን አልተመለሰም።

እሷ ጊዜው አልፎባታል። አንቺ ግን እሑድ አለሽ፣ የኔ እናት። ሰብስቢያቸውና «ገንዘቡን ለሰው ሰጥቻለሁ፣ ከደሞዜ በየወሩ ይህን ያህል እተካለሁ» በያቸው። ይቆጡሻል። ቁጣው ይገባሻል፤ ዝም ብለሽ ስሚ። እሱን ደግሞ በጽሑፍ ጠይቂው፣ በስልክ አይደለም። ይወድሻል ወይ የሚለውን ሌላ ጊዜ እናወራለን። መጀመሪያ የዚህ ወር ዕጣ ለማን እንደደረሰ ጻፊልኝ።