የፈረንሳይ ሕግ ለኮምቦልቻ ምን ይረባል?

ከደሴ የጻፍሽልኝ የሦስተኛ ዓመት የሕግ ተማሪ፣ ጥያቄሽ አጭር ናት። «የንጽጽር ሕግ (የተለያዩ አገሮችን ሕግ የሚያወዳድር) ኮርስ በምርጫ ነው። እኔ ሥራ የምፈልገው ኮምቦልቻ ነው። የፈረንጅ ፍትሐ ብሔር ምን ይረባኛል ጋሼ?»

ውሰጂው።

ፍርድ ቤት አካባቢ ካሉት ውል ጸሐፊዎች አንዱ ጋ ጎራ በይ። የቤት ኪራይም ይሁን የመኪና ሽያጭ፣ መጨረሻው ላይ «በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1731 እና 2005 መሠረት የጸና ነው» የምትል መስመር አታጪም። ለምን እንደሚጽፋት ብትጠይቂው «እንዲህ ነዋ የሚጻፈው» ይልሻል። 1731 በአግባቡ የተደረገ ውል ለተዋዋዮቹ ሕግ ነው ትላለች። ይህችው ሐሳብ እ.ኤ.አ. በ1804 በወጣው የናፖሊዮን ሕግ ቁጥር 1134 ነበረች። (ፈረንሳዮቹ እ.ኤ.አ. በ2016 ሲያሻሽሉት 1103 አደረጓት።) የእኛን የ1952 ዓ.ም. ሕግ ያረቀቁት ሬኔ ዳቪድ ፈረንሳዊ ናቸው። በፈረንሳይኛ ጽፈውት ነው ወደ አማርኛ የተመለሰው። ስለዚህ አንዳንዱ አንቀጽ አልገባ ሲልሽ ጥፋቱ ያንቺ ላይሆን ይችላል። እንግሊዝኛውን ጎን ለጎን እዪው፤ ገዢው ግን አማርኛው ነው።

አሁን ኮምቦልቻ እንሂድ። አንድ ፋብሪካ ነገረፈጅ አድርጎ ቀጠረሽ እንበል። አለቃሽ ከኢንተርኔት የወረደ የእንግሊዝ ውል ይሰጥሽና «ተርጉሚው» ይላል። እንግሊዝ የፍትሐ ብሔር ኮድ (በአንድ መጽሐፍ የተጠቃለለ ሕግ) የላትም፤ የውል ሕጓ በአብዛኛው ከፍርድ ውሳኔ የሚለቀም ነው። እዚያ ፍርድ ቤቱ «ይህ ቅጣት ነው» ካለ ገደቡን (ውሉን ያፈረሰ ይከፍላል ተብሎ አስቀድሞ በውሉ የተቆረጠውን ገንዘብ) አያስፈጽምም። እኛ ዘንድ በቁጥር 1892 መሠረት ጉዳት ባይደርስም ገደብ ይከፈላል። ያን የማያውቅ ነገረፈጅ ፋብሪካውን ጉድ ይሠራዋል። በአንጻሩ የአዋሽ–ኮምቦልቻን ባቡር ሐዲድ ከሠሩት ቱርኮች ጋር መግባባት ይቀልሻል፤ አገራቸው እ.ኤ.አ. በ1926 የስዊስን ሕግ ወስዳለች፣ የእኛም ከስዊስ ቀድቷል። ቻይናም እ.ኤ.አ. ከ2021 ጀምሮ 1,260 አንቀጽ ያለው ኮድ አላት።

አንድ ነገር ግን ጠንቀቅ በይ። እኔ ጀማሪ ሳለሁ ማመልከቻዬን በፈረንሳይ ሕግ ሞልቼ ቀረብኩ። ዳኛው ቀና ብለው «የእኛስ ሰበር ችሎት ምን አለ?» አሉኝ። ላብ በላብ ሆንኩ።

ኮርሱ እስኪጀመር አንድ የኪራይ ውል ፈልጊ። እያንዳንዱ መስመር ከየትኛው ቁጥር እንደመጣ ኅዳጉ ላይ ጻፊበት። ለሥራ ቃለ መጠይቅ ስትሄጂ ይዘሽው ግቢ።