ስጦታ ለመቀበል መቀረጽ ግዴታ ነው?

ጥያቄ፦ የምኖረው ቡሬ ነው። መስከረም ሲጠባ ለልጆቻችን ደብተርና ቦርሳ የሚያድሉ አሉ፤ እግዜር ይስጣቸው። ግን ልጆቹ ቦርሳውን ከፍ አድርገው ይቀረጻሉ፤ እኛም «ምንም አልነበረንም» በሉ እንባላለን። የአምናው ቲክቶክ ላይ ወጥቶ ልጄ በጓደኞቿ ፊት ስትሸማቀቅ ከረመች። እምቢ እንዳልል፣ ዝርዝሩን የያዙት ሰዎች ስሜን ይሰርዙታል ብዬ ፈራሁ። ምን ላድርግ?
ስሜ ይቆየኝ

መልስ፦ እህታችን፣ ግዴታ የለብዎትም። የሰው ፊት እሳት ነው ይባላል፤ እርስዎ ላይ ደግሞ ስልክ የከፈተው ሰው ሁሉ ፊት ተጨምሮበታል።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 የማንንም ሰው ምስል ያለፈቃዱ በአደባባይ ማሳየትም ማባዛትም ይከለክላል። ለልጅዎ የሚፈቅዱት ወይም የሚከለክሉት እርስዎ ነዎት። ቀዳዳው አንቀጽ 28 ላይ ነው፤ በሕዝብ ፊት ለተደረገ ሥነ ሥርዓት ፈቃድ ላያስፈልግ ይችላል። ስለዚህ እደላው ሜዳ ላይ ድንኳን ተጥሎ ከሆነ ክርክርዎ ይላላል፤ ክፍል ውስጥ በየተራ እየተጠራችሁ ከሆነ ይጠነክራል። አስቀድማችሁ የምትጠይቁትም ቦታው እንዲለወጥ ነው።

በዕለቱ፣ ካሜራው ተደግኖ ሳለ እምቢ ማለት አያዋጣም። ሰው ፊት የተነገረ እምቢታ ውለታ ቢስነት ተብሎ ይቆጠራል፤ ዝርዝር ያዡንም እልህ ያስይዘዋል። ነሐሴ ላይ ስም ሲመዘገብ ሦስት አራት እናቶች ሆናችሁ፣ የዕድር ዳኛ ወይም የሚከበሩ ሽማግሌ ይዛችሁ ሂዱ። ብቻውን የሄደን ሰው ስም መሰረዝ ቀላል ነው፤ የአራት እናቶችን ግን ሽማግሌ ፊት መሰረዝ ይከብዳል። «ስጦታውን በደስታ እንቀበላለን፤ የልጆቻችን ፊት ግን አይውጣብን» ማለት ይበቃል። ከተከራከሯችሁ የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 36 ጥቀሱ፤ የመንግሥትም የግልም የበጎ አድራጎት ተቋማት የልጁን ደኅንነት እንዲያስቀድሙ ያዛል።

አዳዮቹም ለገንዘብ ሰጪው የሚያሳዩት ማስረጃ ይፈልጋሉ፤ ይህ እውነተኛ ችግር ነው። መፍትሔውን አብራችሁ አቅርቡ፦ ተቀባይ የሚፈርምበት የርክክብ ቅጽ፣ ደብተሩ ሳይታደል ተደርድሮ የተነሳ ፎቶ፣ ካስፈለገም ሰልፉ ከኋላ የተነሳ። ስንት ደብተር ለማን እንደደረሰ የሚያስረዳው ፊርማው ነው፤ የልጅ ፊት ይህን አይናገርም።

የአምናውን ቪዲዮ ለማስነሳት በቅድሚያ የለጠፈውን ሰው ይጠይቁ። እምቢ ካለ ቪዲዮውን በጣት ተጭነው ይያዙና «ሪፖርት» የሚለውን ይምረጡ። ይህም ካልሠራ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 29 መሠረት ምስሉ እንዲነሳ ፍርድ ቤት መጠየቅ ይቻላል። ከሁሉ በፊት ግን ሊንኩንና ስክሪንሾቱን ያስቀምጡ፤ አንዴ ከጠፋ በኋላ ወጥቶ እንደነበር ማስረዳት ይቸግራል።