ኮህ ኬርና ቤንግ ሜሊያ በአንድ ቀን፦ ጥያቄና መልስ

ሰላም ናችሁ ወገኖች። የምኖረው ባንኮክ ነው፣ እረፍቴ ግን አብዛኛው ካምቦዲያ ነው የሚያልፈው። ስለ ጫካዎቹ ቤተ መቅደሶች የሚጠይቀኝ ስለበዛ የዛሬን ከሰዓት ለዚሁ መድቤያለሁ። አንግኮር ዋትን ሁሉም ያውቀዋል፣ እሱን እንለፈው። ወሬያችን ከሲየም ሪፕ ከተማ ማለዳ ተነስቶ፣ ራቅ ያሉትን የክመር (የካምቦዲያ ሕዝብ) ፍርስራሾች ከአስጎብኚ ጋር አይቶ፣ ማታ ስለመመለስ ነው። የምጠራቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። አንድ ነገር ከወዲሁ ልበል፦ ከፈንጂ ከተጠረገው መንገድ አትውጡ። ዛሬ ይህን ደጋግሜ እለዋለሁ፣ ቻሉኝ።

ጥያቄ (ከሐዋሳ)፦ ያለኝ አንድ ቀን ብቻ ነው። ቤንግ ሜሊያ፣ ኮህ ኬርና ፕሪያህ ቪሂር፣ ሦስቱም ይደርሳሉ?

መልስ፦ አይደርሱም። እናደርሳለን የሚሉ አሉ፣ ግን ቀኑን ሙሉ የመኪና መስኮት ስታይ ነው የምትውለው። ሁለቱን ያዝ። ቤንግ ሜሊያ ከሲየም ሪፕ 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ኮህ ኬር ደግሞ 120 ገደማ። በአንድ አቅጣጫ ስለሆኑ ይገጥማሉ። እኔ መጀመሪያ ቀጥ ብዬ ኮህ ኬር ነው የምገባው። ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ ከወጣህ 3 ሰዓት ገደማ ትደርሳለህ። እዚያ ያለው ፒራሚድ ላይ ጥላ የሚባል ነገር ስለሌለ ፀሐይ ሳትከር መውጣት ይሻላል። ቤንግ ሜሊያን ስትመለስ ታየዋለህ፣ እሱ ዛፍ ውስጥ ነው።

ቤንግ ሜሊያ የ12ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ነው። አሠራሩ ከአንግኮር ዋት ጋር ይመሳሰላል፣ ልዩነቱ ማንም መልሶ አለማቆሙ ነው። የወደቀው እንደወደቀ ነው። በር የሚያክሉ የአሸዋ ድንጋዮች አረንጓዴ የድንጋይ ሽበት አውጥተው፣ አንዱ በአንዱ ላይ ተንጋሎ ጣሪያ ድረስ ተቆልለዋል። በመሃል አንድ መስኮት ሳይነካ ቆሞ ታያለህ፣ ከድንጋይ የተጠረቡት ዘንጎቹ እንጨት ቀራጭ ያወጣቸው ይመስላሉ። ከላይ የእንጨት መተላለፊያ ተሠርቶለታል። በእሱ ሂድ።

ጥያቄ (ከዱባይ)፦ በአጠቃላይ ስንት ያስወጣል?

መልስ፦ የአንግኮር የአንድ ቀን መግቢያ 37 ዶላር ነው፣ ቤንግ ሜሊያም በዚያው ቲኬት ይታያል። ኮህ ኬር የራሱ ቲኬት አለው፣ 15 ዶላር። ዋጋ ስለሚቀያየር ሳትነሱ አረጋግጡ። መኪናው በቀን ነው የሚከራየው፣ ለአራት ስትካፈሉት ይቀላል። አስጎብኚው ለብቻው ይከፈላል። የተቀደደ ወይም ያረጀ ዶላር አትያዙ፣ አይቀበሏችሁም።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ ጋሼ፣ አስጎብኚ የግድ ነው? ሹፌሩ መንገዱን ካወቀ ምን ያደርግልኛል?

መልስ፦ ሹፌር አስጎብኚ አይደለም። ሹፌሩ በር ላይ አውርዶሽ መኪናው ውስጥ ይተኛል፣ ሥራውም እሱ ነው። ፈቃድ ያለውና መታወቂያ ያንጠለጠለ አስጎብኚ ያዢ።

ምክንያቱን ልንገርሽ። ካምቦዲያ እስከ 1990ዎቹ መጨረሻ ድረስ ጦርነት ላይ ነበረች። ክመር ሩዥ የሚባሉት ኮሚኒስት ታጣቂዎችም፣ መንግሥትም፣ ቬትናሞችም ፈንጂ ቀብረዋል። ከ1979 ጀምሮ በፈንጂና በተረፈ ተተኳሽ ወደ 20 ሺህ ሰው ሞቷል፣ ከ45 ሺህ በላይ ቆስሏል። አሁን ዋና ዋናዎቹ ቤተ መቅደሶችና መንገዶቻቸው ተጠርገዋል። ተጠርገዋል ማለት ግን ጫካው በሙሉ ተጠርጓል ማለት አይደለም። የራስ ቅል ያለበት ቀይ ሰሌዳ ስታዩ ፎቶ ለማንሳት ብላችሁ እንኳ አትጠጉ። ሽንት ቤት ፈልጋችሁ ቁጥቋጦ ውስጥ አትግቡ። ከመንገዱ አትውጡ። የአካባቢው አስጎብኚ የቱ ጋ መቆም እንዳለበት ከልጅነቱ ያውቃል።

ጥያቄ (ከዚያው ከአዲስ አበባ)፦ ፈንጂውን በአይጥ ነው የሚያስለቅሙት ሲባል ሰማሁ። ቀልድ ነው?

መልስ፦ ቀልድ አይደለም፣ አይጧም የኛው ምሥራቅ አፍሪካ ናት። ታንዛኒያ ውስጥ ነው የሚያሠለጥኗቸው። የፈንጂውን ኬሚካል አሽትተው ይለዩታል፣ ቀላል ስለሆኑ ደግሞ ቢረግጡት አይፈነዳባቸውም። ማጋዋ የተባለው ከ100 በላይ ፈንጂና ተተኳሽ አግኝቶ በ2020 የወርቅ ሜዳሊያ ተሸልሟል። በ2022 ሞተ። ሲየም ሪፕ ውስጥ ሲሠሩ የሚታዩበት ማዕከል አለ፣ ጊዜ ካላችሁ ጎራ በሉ።

ጥያቄ (ከናዝሬት)፦ በባጃጅ ብሄድስ?

መልስ፦ ቤንግ ሜሊያ ድረስ አቧራ ከቻልክ ይሁን። ኮህ ኬር ግን አይሞከርም።

ጥያቄ (ከስቶክሆልም)፦ ኮህ ኬር ውስጥ ምን አለ? ፎቶው ላይ የሜክሲኮ ፒራሚድ ነው የሚመስለው።

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ። ከ928 እስከ 944 ድረስ የክመር መንግሥት ዋና ከተማ አንግኮር አልነበረም። ጃያቫርማን 4ኛ የተባለው ንጉሥ መናገሻውን ወደዚህ ጫካ አዛወረው። ለምን እንዳዛወረ ሊቃውንቱ እስካሁን ይከራከራሉ። ብቻ በአጭር ጊዜ ውስጥ የሠራው ሥራ ጉድ ያሰኛል፦ ትልቅ የውሃ ማጠራቀሚያ፣ በደርዘን የሚቆጠሩ ቤተ መቅደሶች፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሰባት እርከን ያለውና ወደ 36 ሜትር የሚጠጋው ፕራሳት ቶም። አናቱ ላይ ግዙፍ ሊንጋ፣ ማለትም የሂንዱው አምላክ የሺቫ ምልክት የሆነ የድንጋይ ዓምድ፣ ቆሞ ነበር ይባላል። እሱ ከሞተ ጥቂት ዓመት ሳይቆይ መናገሻው ወደ አንግኮር ተመለሰ፣ ከተማዋን ጫካ ዋጣት። ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገባት ገና በ2023 ነው። ስለዚህ ሰው ሳይበዛ ድረሱባት።

ፕራሳት ፕራምን እንዳታልፉት። አምስት የጡብ ማማዎች ናቸው፣ አንዱን የዛፍ ሥር ከአናቱ እስከ እግሩ ጨምድዶ ይዞታል። ሥሩ ጡቡ ውስጥ ገብቶ የቱ ግንብ፣ የቱ ዛፍ እንደሆነ ለመለየት ጠጋ ማለት ይጠይቃል። ጠጋ በሉ፣ በተጠረገው በኩል።

አስተያየት (ከዋሽንግተን)፦ ዛፉን ቆርጠው ግንቡን ለምን አያድሱትም? ቅርስ እየፈረሰ ዝም ይባላል?

አስተያየት (ከባሕር ዳር)፦ ዛፉን ከቆረጥከው ግንቡም አብሮ ይወርዳል እኮ። ደግሞ ማደስ ማደስ የሚባለው የት እንዳደረሰን ላሊበላ ላይ አይተናል። ጣሪያ አልብሰውት አሁን ጣሪያው ራሱ ስጋት ሆኖ አረፈው።

አስተያየት (ከዋሽንግተን)፦ ዝናብ ይምታው ነው የምትለው? ባይሠራ ኖሮ እስካሁን ምን ሊተርፍ ነበር?

አስተያየት (ከጎንደር)፦ ለመሆኑ ማን ይቀድማል? የኛ ነው የነሱ? የኛ ከአንድ አለት ተፈልፍሎ የወጣ ነው፣ እነሱ ድንጋይ ነው የደረደሩት።

መልስ፦ እረፉ እንጂ። ስለ ዛፉ የባሕር ዳሩ ልክ ነው፣ አንዳንዱን ግንብ አሁን ደግፎ የያዘው ሥሩ ነው። ለጎንደሩም ልመልስ፦ ኮህ ኬር ላሊበላን ከ200 ዓመት በላይ ይቀድመዋል። ከላሊበላ ጋር በዘመን የሚገጥመው ኋላ የመጣው የክመር ንጉሥ ጃያቫርማን 7ኛ ነው፣ በ1181 ነው የነገሠው። የንጉሥ ላሊበላ ዘመንም አብዛኛውን ጊዜ ከዚያው ዓመት ነው የሚቆጠረው። ሁለቱም ድንጋይ አላስተኛ ያላቸው ሰዎች ናቸው። ስለ ላሊበላ መጠለያ ግን ሌላ ቀን፣ ዛሬ አንጨርሰውም።

ጥያቄ (ከሮም)፦ ኮህ ኬር ሐውልቶቹ ተዘርፈዋል ሲባል ሰማሁ። ባዶ ቦታ ለማየት ነው ያን ሁሉ መንገድ የምንሄደው?

መልስ፦ ይህን ጥያቄ ስጠብቅ ነበር። አዎ ተዘርፈዋል፣ እኔ ግን የምሄደው በዋናነት ለዚያ ነው።

ፕራሳት ቼን የሚባል ትንሽ ቤተ መቅደስ አለ። ብዙ ቡድን ሳያየው ያልፋል፣ እናንተ ግን አስጎብኚውን ያዙትና ውሰደን በሉት። እዚያ ማሃባራታ ከሚባለው የህንዶች ጥንታዊ የጀግንነት ታሪክ የተወሰደ ትዕይንት በድንጋይ ቆሞ ነበር። ብሂማና ዱርዮዳና ለመፋለም ይዘላሉ፣ ሌሎቹ ዙሪያውን ተቀምጠው ያያሉ። ሙሉ ቁመና ያላቸው ሐውልቶች ነበሩ። በ1970ዎቹ መጀመሪያ፣ በጦርነቱ መሃል፣ ሌቦች ቁርጭምጭሚታቸው ላይ ሰብረው ወሰዷቸው። እግሮቹ ከነመቆሚያቸው እዚያው ቀሩ።

ከዚያ በታይላንድ በኩል ወጥተው ለንደንና ኒው ዮርክ ደረሱ። ዱርዮዳና በ2011 በሶዝቢስ ጨረታ ሊሸጥ ሲል ነው ነገሩ የፈነዳው። ጫካ ውስጥ የቀሩት እግሮች ከሐውልቱ ስብራት ጋር ገጠሙ። ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ ይመጣል? በ2014 ዱርዮዳናም፣ ካሊፎርኒያ ሙዚየም ውስጥ የነበረው ብሂማም ተመለሱ። ተቀምጠው ከሚያዩት ሁለቱን የኒው ዮርኩ ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ከዚያ በፊት በ2013 መልሷል። በዚህ ንግድ ስሙ የሚነሳው ዳግላስ ላችፎርድ በ2019 ኒው ዮርክ ላይ ተከሰሰ፣ ፍርድ ቤት ሳይቀርብ በ2020 ሞተ። መርማሪዎቹን በየቤተ መቅደሱ እየመራ የትኛው ከየት እንደተነቀለ ያሳየው ደግሞ ራሱ የቀድሞ ዘራፊ ነው። በምስጢር ስሙ አንበሳ ይሉት ነበር።

ስለዚህ ባዶ ቦታውን እዩት፣ ከዚያ ፕኖም ፔን ወርዳችሁ ብሔራዊ ሙዚየም ግቡ። ሐውልቶቹ እዚያ ናቸው። አንዱን ብቻ ያየ ሰው ግማሹን ነው ያየው። የመቅደላ ነገር ለሚያንገበግበን ለኛ ደግሞ ይህ ሩቅ ወሬ አይደለም።

አስተያየት (ከለንደን)፦ የአክሱም ሐውልት ከሮም የተመለሰው በ2005 ነው። እነሱ እንዴት በአሥር ዓመት ይህን ሁሉ አስመለሱ?

መልስ፦ የአሜሪካ አቃቤ ሕግ ስለያዘው ነው። የመቅደላው ከእንግሊዝ ሕግ ጋር ነው የሚታገለው። የሮሙ ወንድማችን መልስ አግኝቷል፣ እንቀጥል።

ጥያቄ (ከሪያድ)፦ ጠቅላላ ስንት ብር ይጨርሳል?

መልስ፦ ለዱባይ የመለስኩትን አንብብ።

ጥያቄ (ከመቀሌ)፦ ፕሪያህ ቪሂርን ለብቻው በሌላ ቀንስ?

መልስ፦ አሁን አልመክርም። ገደል አናት ላይ ያለ ድንቅ ቦታ ነው፣ የዓለም ፍርድ ቤትም በ1962 ለካምቦዲያ ፈርዶታል። ግን ከታይላንድ ጋር ድንበር ላይ ነው። በ2025 ሁለቱ አገሮች በሐምሌም በታኅሣሥም በከባድ መሣሪያ ተዋግተዋል። ድንበሩ አካባቢ ያሉትን ቤተ መቅደሶች በሙሉ ለጊዜው እርሷቸው። ከታይላንድ በየብስ እሻገራለሁ ያላችሁም ይቅርባችሁ፣ በአውሮፕላን ግቡ።

ጥያቄ (ከአዳማ)፦ ቪዛስ?

መልስ፦ የካምቦዲያ መንግሥት የኢ-ቪዛ ገጽ አለ፣ እሱን እዩ። የቢጫ ወባ ካርዳችሁን ያዙ፣ ከኢትዮጵያ ስትነሱ ይጠየቃል። የሚከተለውን ግን ልብ በሉ። ካምቦዲያ ወይም ታይላንድ የኮምፒውተር ሥራ አለ፣ ቲኬቱን እኛ እንቆርጣለን ካሏችሁ አትሂዱ። በዚህ መንገድ ሚያንማር ድረስ ተወስደው የኢንተርኔት ማጭበርበር ሲያሠሯቸው የነበሩ ብዙ ኢትዮጵያውያን በስንት መከራ ነው የወጡት።

ጥያቄ (ከደሴ)፦ እንዴት ነው ግን፣ አሪፍ ነው?

መልስ፦ ምኑ? ምን ማወቅ እንደፈለግህ ጠይቅና እመልስልሃለሁ።

ጥያቄ (ከቴል አቪቭ)፦ በየትኛው ወር ይሻላል?

መልስ፦ ከኅዳር እስከ የካቲት። ሚያዝያ ላይ ፒራሚዱ ላይ ትቀቀላላችሁ። ከግንቦት እስከ ጥቅምት ዝናብ ነው፣ ድንጋዩ ያንሸራትታል፣ አልቅትም አለ። የድንጋዩ ሽበት የሚያምረው ግን ያኔ ነው።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ ጾም ላይ ነኝ። መንገድ ላይ የሚበላ አገኛለሁ?

መልስ፦ ሩዝና አትክልት ሞልቷል፣ ችግሩ የዓሣ መረቁ ነው። ሁሉም ነገር ውስጥ ጠብ ያደርጉታል። አስጎብኚሽ ለባለ ምግብ ቤቷ በክመር ይንገርልሽ። ካላመንሽ ሙዝና ለውዝ ይዘሽ ውጪ።

ጥያቄ (ከኩዌት)፦ በራሴ ሞተር ተከራይቼ በጫካው አቋራጭ ብሄድ ችግር አለው?

መልስ፦ ከላይ የጻፍኩትን ሰው ያነበዋል ወይስ ለራሴ ነው የምለፈልፈው? አቋራጭ የለም። ከመንገዱ አትውጡ!

ጥያቄ (ከደብረ ብርሃን)፦ እናቴ 67 ዓመቷ ነው፣ ጉልበቷን ያማታል። ይዣት መሄድ እፈልጋለሁ፣ ይከብዳታል?

መልስ፦ ይዘሃት ሂድ እንጂ። ቤንግ ሜሊያ የእንጨቱ መተላለፊያ ላይ ቀስ እያለች ትሄዳለች፣ ደረጃ ያለበት ቦታ ላይ እጇን ያዝ። ኮህ ኬር ፒራሚዱ ጎን ላይ የእንጨት ደረጃ አለ፣ ቀጥ ያለ ስለሆነ ለእሷ ይቅር። ከታች ሆና ታየዋለች፣ አንተ ወጥተህ ፎቶ አንሳላት። ፕራሳት ፕራም አጭር የእግር መንገድ ነው፣ እሱን አይታ ትደሰታለች። ውሃ በደንብ ያዙ፣ አስጎብኚውንም እናቱ እንደሆነች አድርጎ እንዲሄድላት ቀድመህ ንገረው። እነሱም ሽማግሌ ያከብራሉ።