የክሪሳንተመም አመጋገብና አያያዝ በጓሮ አትክልት፦ ለአንባቢዎች ጥያቄዎች የተሰጡ መልሶች

ጥያቄ፦ የምኖረው አዲስ አበባ፣ ጎሮ አካባቢ ነው። አብቦ የገዛሁትን ክሪሳንተመም አበባው ከረገፈ በኋላ ከመያዣው አውጥቼ በረንዳው ሥር ባለው መደብ ላይ ተከልሁት። በየሁለት ሳምንቱ ዩሪያ አደርግለታለሁ። ቅጠሉ ለምልሞ ቁመቱ ወገቤ ድረስ ቢደርስም ወራት አልፈው አንዲት እንቡጥ አላየሁም። ማዳበሪያው አንሶት ይሆን?

መልስ፦ አላነሰውም፤ በዝቶበታል። ዩሪያ 46 በመቶው ናይትሮጅን ስለሆነ ቅጠልና ግንድ ያበዛል፣ አበባ ግን አያመጣም። ይሁን እንጂ የእርስዎን ተክል በዋናነት የከለከለው ማዳበሪያው አይመስለኝም። የበረንዳው አምፖል ሌሊቱን ሙሉ የሚበራ ከሆነ ምክንያቱ እሱ ሊሆን ይችላል። ክሪሳንተመም እንቡጥ የሚይዘው ረጅምና ያልተቋረጠ ጨለማ ሲያገኝ ነው፤ ለአብዛኞቹ ዝርያዎች የቀኑ ብርሃን ከ13 ሰዓት ተኩል ገደማ ማነስ አለበት። በአዲስ አበባ ደግሞ በሰኔ ወር እንኳ የቀኑ ርዝመት ከ12 ሰዓት ተኩል ብዙም አያልፍ፣ በታኅሣሥም ከ11 ሰዓት ተኩል አያንስ። ስለዚህ ተክሉ በእኛ አገር በማንኛውም ወር እንቡጥ መያዝ ይችላል፤ ጨርሶ እምቢ ሲል መጀመሪያ መጠርጠር ያለበት የሌሊት ብርሃን ነው። ለገበያ የሚያመርቱ አትክልተኞች ግንዱ ሳይረዝም እንዳያብብ ሲፈልጉ ሆን ብለው በሌሊት መብራት ያበሩበታል፤ የእርስዎም አምፖል ይህንኑ ሥራ ሳይታሰብ እየሠራ ሊሆን ይችላል።

እንግዲህ ግንዱን ከመሬት 15 ሴንቲ ሜትር ያህል አስቀርተው ይቁረጡት፤ ዩሪያውን ያቁሙ፤ አምፖሉንም ሌሊት ያጥፉ ወይም ብርሃኑ መደቡ ላይ እንዳያርፍ ይከልሉት። ይህ የማይቻል ከሆነ ተክሉን ወደ ጨለማው የግቢ ክፍል ያዛውሩ፤ ቀን ግን ቢያንስ ግማሹን ያህል ጊዜ ፀሐይ የሚያገኝበት ቦታ መሆን አለበት። አዲሱ ቅርንጫፍ ካደገና ጨለማው ከተስተካከለ በኋላ እንደ ዝርያው ከሁለት እስከ ሦስት ወር ባለው ጊዜ ውስጥ አበባ ይጠብቁ።

ጥያቄ፦ የዶሮ ኩስ፣ የማገዶ አመድና የቡና አተላ ከቤቴ አይጠፋም። ገበያ ሳልወጣ በእነዚህ ብቻ ክሪሳንተመም ማሳደግ እችላለሁ? (ከደብረ ብርሃን)

መልስ፦ ይችላሉ፤ ሦስቱ ግን አንድ ዓይነት ነገር አይደሉም፤ ሁሉንም አንድ ላይ መደባለቅም አይገባም። የዶሮ ኩስ በናይትሮጅን እጅግ የበለፀገ በመሆኑ ትኩሱ ሥር ያቃጥላል፤ ከደረቅ ሣርና ቅጠል ጋር ተከምሮ፣ ዝናብ እንዳያጥበው ተሸፍኖ፣ ቢያንስ ሦስት ወር ይብሰል። ሽታው ጠፍቶ አፈር አፈር ሲል ለአንድ ካሬ ሜትር መደብ አንድ ኪሎ ያህል ከመትከልዎ በፊት ከአፈሩ ጋር ያዋሕዱት። የላም ፍግ ካገኙ እርሱ ለስላሳ ስለሆነ እስከ አራት ኪሎ ቢያደርጉ አይጎዳም፤ እኔም ለጀማሪ የምመክረው ይህንኑ ነው።

አመድ ፖታስየም ስላለው ለአበባውና ለግንዱ ጥንካሬ ይረዳል። ነገር ግን የአፈርን ኮምጣጣነት ይቀንሳል፤ ክሪሳንተመም ደግሞ በጥቂቱ ኮምጣጣ የሆነ አፈር ይስማማዋል። ኮምጣጣ ቀይ አፈር ባለበት ቦታ በዓመት አንድ ጊዜ ለካሬ ሜትር ሁለት እፍኝ መበተን ይጠቅማል፤ በዋልካ መሬት ላይ ግን ባያደርጉት ይመረጣል። አመድን ከኩስ ወይም ከዩሪያ ጋር በፍጹም አንድ ላይ አያድርጉ፤ ሲደባለቁ የሚወጣው አፍንጫ የሚሰነፍጥ ሽታ አሞኒያ ሆኖ የሚተን ናይትሮጅን ነውና ድካምዎ ሁሉ በአየር ይቀራል። አተላውን በቀጥታ ከሥሩ ከማፍሰስ ይልቅ ከብስባሹ ክምር ላይ ይጨምሩት።

በመያዣ የተተከለ ከሆነ አፈሩ ጥቂት ስለሆነ ምግቡ ቶሎ ያልቅበታል። ለእንዲህ ያለው በ20 ሊትር ጀሪካን ውኃ ሁለት የሻይ ማንኪያ ዩሪያ ብቻ አሟሙተው በየሁለት ሳምንቱ፣ አስቀድሞ በንጹሕ ውኃ በረጠበ አፈር ላይ ያጠጡ። እንቡጡ ሽምብራ ሲያህል ግን ያቁሙ። ከዚያ በኋላ የሚሰጥ ናይትሮጅን አበባውን ያልፈሰፍሰዋል፣ ዕድሜውንም ያሳጥራል። በመያዣው ከንፈር ላይ ነጭ ቅርፊት ካዩ የማዳበሪያ ጨው ተከማችቷል ማለት ነው፤ ከታች ባለው ቀዳዳ በደንብ እስኪፈስ ድረስ ንጹሕ ውኃ ደጋግመው ያፍሱበት።

ጥያቄ፦ አሜሪካ፣ ሜሪላንድ በኖርሁበት ዘመን የክሪሳንተመምን ጫፍ እስከ ጁላይ አጋማሽ እየቆነጠርን ከዚያ በኋላ እንተወው ነበር። አሁን ቢሾፍቱ ነኝ። ይህን የማደርገው በየትኛው ወር ነው?

መልስ፦ ወሩን ይተዉት፤ ተክሉን ይመልከቱ። የዚያ አገር ልማድ የተሠራው በበጋቸው ረጅም የነበረው ቀን በኦገስት እያጠረ ሲሄድ እንቡጥ እንደሚጀምር በማሰብ ነው። ቢሾፍቱ ላይ እንዲህ ያለ የጎላ ለውጥ የለም፤ ተክሉ ገና ትንሽ ሳለ ወደ ማበብ ይቸኩላል። ስለዚህ ችግኙ 15 ሴንቲ ሜትር ሲደርስ ጫፉን በጣትዎ ይቆንጥሩ፤ ከጎን የወጡት ቅርንጫፎችም ያንኑ ያህል ሲሆኑ አንድ ጊዜ ይድገሙ፤ ከዚያ ይተዉት። ማዳበሪያውም በዚህ በመጀመሪያው ወር ሊደርሰው ይገባል፤ እንቡጥ ከያዘ በኋላ ቢመግቡት የቁመቱን ጉድለት አይሞላም።

ጥያቄ፦ በክረምት ቅጠሉ ከላይ ቢጫ ነጠብጣብ፣ ከሥሩ ደግሞ ነጭ እብጠት ያወጣል። ምን ይሻለኛል?

መልስ፦ ምልክቱ የነጭ ዋግ በሽታን ይመስላል። በሽታው እርጥብና ቀዝቀዝ ያለ አየር ይወዳል፤ በረጠበ ቅጠል ላይም በፍጥነት ይዛመታል። የታመሙትን ቅጠሎች ለቅመው ያቃጥሉ፤ ብስባሹ ውስጥ አይጣሉ። ውኃ ጠዋት ከሥሩ ብቻ ያጠጡ፤ ተክሎቹን ቢያንስ 40 ሴንቲ ሜትር አራርቀው ይትከሉ። ክፉኛ የታመመውን ነቅሎ ማስወገድ ሌሎቹን ያድናል። ከታመመ ተክል ቁራጭ ወስዶ ለጎረቤት መስጠት አይገባም፤ በሽታው ከግቢ ወደ ግቢ የሚሻገርበት አንዱ መንገድ ይህ ነው።

ጥያቄ፦ ቅጠሉን ስቆርጥ እጄን ያሳክከኛል። ልጆችና ድመት ላለበት ቤት አደገኛ ነው?

መልስ፦ ጭማቂው የአንዳንድ ሰዎችን ቆዳ ያስቆጣል፤ ጓንት ያድርጉ፣ ከሥራ በኋላም በሳሙና ይታጠቡ። ድመትና ውሻ ቅጠሉን ቢበሉ ሊያስታውካቸውና ሊያስቀምጣቸው ስለሚችል መያዣውን ከማይደርሱበት ከፍታ ላይ ያኑሩት። ሕፃናትም ቅጠሉን ወደ አፋቸው እንዳይከቱ ይጠብቋቸው።